በዓይነ ቁራኛ፦ ስለ እግርና ስለ እጅ መከታተያዎች ለጠየቃችሁኝ

ባለፈው እትም ስለ ቤት የደም ግፊት መለኪያ ጽፌ ነበር። ከዚያ ወዲህ የመጡት ደብዳቤዎች ግን ግፊቱን ትተው ሌላ ነገር ይጠይቃሉ። አንዷ አባቷ ከቤት እየወጡ እየጠፉባት ተቸግራለች። የአንዱ እናት ልጃቸው እግር ላይ የታሰረውን ነገር አይተው እንቅልፍ አጥተዋል። አንዷ ደግሞ የቀድሞ ባሏ ሲጠጋት የሚጮህ መሣሪያ አለ ወይ ትላለች። ዞሮ ዞሮ ሁሉም የሚጠይቁት ሰው ላይ ታስሮ ሰውየውን ስለሚከታተል ኤሌክትሮኒክስ ነው።

ብዙዎቻችሁ የምትጽፉልኝ ከከተማው ዳር ነው። እኔም የምኖረው እዚያው ስለሆነ መብራት ሲጠፋ፣ ኔትወርክ ሲቆራረጥ፣ አምቡላንስ መንገድ ጠፍቶበት «ስንተኛው ብሎክ ነው?» እያለ ሲደውል ምን እንደሚመስል አውቀዋለሁ። ለማታውቁኝ፣ ከ20 ዓመት በላይ የሕክምና መሣሪያ ስጠግን የኖርኩ ሰው ነኝ። ወደ ጥያቄዎቹ ልግባ።

«ጋሼ፣ አባዬ 74 ዓመቱ ነው። የመርሳት በሽታ አለበት። ባለፈው ሳምንት ሳናየው ከቤት ወጥቶ ማታ 2 ሰዓት ላይ ቱሉ ዲምቱ አካባቢ ተገኘ። ወንድሜ ከውጭ ጂፒኤስ ያለው የእጅ ሰዓት ልላክለት ይላል። ይሠራል ወይስ ገንዘብ ማባከን ነው?»
ልጁ፣ ከኮዬ ፈጬ

እህቴ፣ እንኳን ተገኙላችሁ። ሰዓቱ ይሠራል። አሠራሩን ካላወቅሽው ግን ጉድ ይሠራሻል።

ሰዓቱ ሁለት ሥራ ነው ያለው። መጀመሪያ ያለበትን ቦታ ያውቃል። ይህን የሚያውቀው ከምድር 20 ሺህ ኪሎ ሜትር ያህል ርቀው ከሚዞሩ ሳተላይቶች ነው፤ ቢያንስ የአራቱ ምልክት ሊደርሰው ይገባል። ቀጥሎ ያወቀውን ቦታ ወደ አንቺ ስልክ ይልካል። ይህን ደግሞ የሚያደርገው በውስጡ ባለችው ሲም ካርድ ነው፣ ልክ እንደ ማንኛውም ስልክ። ስለዚህ ሰማዩ ከተከለለበት፣ ወይም ሲሙ ላይ ሒሳብ ካለቀ፣ ወይም ኔትወርክ ከሄደ፣ ወይም ባትሪው ከዘጋ አባትሽ የት እንዳሉ አታውቂም። ቤት ውስጥ ወይም ደረጃው ሥር ሲሆኑ ኮንክሪቱ ምልክቱን ስለሚያደክመው ሰዓቱ «ጎረቤት ብሎክ ናቸው» ሊልሽ ይችላል። አትደንግጪ።

ወንድምሽ ከመግዛቱ በፊት ሁለት ነገር ያጣራ። ሰዓቱ የእኛን አገር ሲም ይቀበላል? ለአንድ አገር ኩባንያ ብቻ የተቆለፉ አሉ፤ እነሱ እዚህ ሲደርሱ ጌጥ ናቸው። ሁለተኛ፣ ባትሪው ስንት ሰዓት ይቆያል? ብዙዎቹ በየቀኑ ወይም በየሁለት ቀኑ ቻርጅ ይፈልጋሉ። መብራት ሁለት ቀን ሲጠፋ ምን እንደምታደርጊ ዛሬ አስቢበት፤ አንድ ፓወር ባንክ ሁልጊዜ ሞልተሽ ለሰዓቱ ብቻ አስቀምጪ።

ስልክሽ ካርታ ላይ በግቢያችሁ ዙሪያ ክብ ማስመር ትችያለሽ። አባትሽ ከክቡ ሲወጡ ስልክሽ ይጮኻል። ክቡን አታጥብቢው። ጠዋት ቤተ ክርስቲያን ደጅ ሳሙ ብሎ በየቀኑ የሚጮህ ከሆነ በሁለተኛው ሳምንት መስማት ታቆሚያለሽ።

አሁን ዋናው ጥያቄ። ስልክሽ ሲጮህ አንቺ የት ነሽ? ሜክሲኮ ሥራ ላይ ከሆንሽ፣ ታክሲ አግኝተሽ ኮዬ እስክትደርሺ አባትሽ የት ይደርሳሉ? ሰዓቱ ያያል እንጂ ሄዶ እጃቸውን አይዝም። ስለዚህ ሰዓቱ ከመምጣቱ በፊት ሰው አዘጋጂ። የብሎኩን ጥበቃ፣ ታክሲ ተራ ላይ ያለውን ተራ አስከባሪ፣ በር ላይ ያለውን ባለሱቅ አነጋግሪ። የአባትሽን ፎቶ አሳዪያቸው፣ ስልክ ቁጥርሽን ስጫቸው። ተራ አስከባሪው በቀን ስንት ሰው ፊት እንደሚያይ አስቢው፤ ከእሱ ዓይን ተሰውሮ ታክሲ የሚገባ ሽማግሌ ብዙ የለም። ኮታቸው የውስጥ ኪስ ላይ ደግሞ ስልክ ቁጥርሽን በክር ጥለፊበት። እሱ ቻርጅ አይፈልግም።

ሌላው፣ አባትሽን ጠይቂያቸው። የመርሳት በሽታ ያለበት ሰው ሁልጊዜ አይረሳም፤ ጠዋት ጠዋት ልባቸው የሚመለስበት ሰዓት ይኖራል። ያኔ ቡና ላይ ቁጭ በይና «አባዬ፣ ስትጠፋብን በጣም ስለምንፈራ ይህን ብታስርልን» በያቸው። ሳይነገራቸው የታሰረባቸው ሰዎች ፈተው ሲጥሉት አይቻለሁ፤ አንድ ሽማግሌ ውኃ በርሜል ውስጥ ከትተውት አግኝተናል። እሺ ብለው ካሰሩት ግን እንደ ራሳቸው ሰዓት ይጠብቁታል።

«ወንድሜ አሜሪካ ከገባ ስምንት ወሩ ነው፣ የጥገኝነት ጉዳዩን እየጠበቀ ነው። ባለፈው በቪዲዮ ሲደውል እግሩ ላይ ጥቁር ነገር ታስሮ እናታችን አየች። 'ልጄን እግር ብረት አስገቡት' ብላ ከዚያ ቀን ጀምሮ እህል አልቀምስ ብላናለች። የሚታሰረው ወንጀለኛ ብቻ ነው?»
ከለገጣፎ

እናትህን አጠገብህ አስቀምጥና ይህን አንብብላቸው።

እማማ፣ ልጅዎ እስር ቤት አልገባም፤ ወንጀለኛም አልተባለም። የአሜሪካ የኢሚግሬሽን መሥሪያ ቤት ጉዳያቸው ያላለቀ ሰዎችን እስር ቤት ከማቆየት ይልቅ ውጭ ሆነው የሚከታተልበት ፕሮግራም ከ2004 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አለው። ለአንዱ እግሩ ላይ ያስሩበታል። ሌላውን በስልኩ መተግበሪያ ፊቱን ፎቶ አንስቶ እንዲልክ ያዙታል። ቤቱ ይተኛል፣ ዘመድ ይጠይቃል፣ ያበስላል። እህል ይቅመሱ።

አንተ ልጅ፣ ለእናትህ እንዲህ አልኳቸው እንጂ ነገሩ ቀላል አይደለም። በሳተላይት የሚሠራው የእግር መከታተያ በቀን ሁለት ሰዓት ያህል ቻርጅ ይፈልጋል። አንዳንዱን ከእግር ሳይፈቱ ነው የሚሞሉት። ወንድምህ ከሥራ ደክሞት ገብቶ ሶኬት አጠገብ ወንበር ስቦ፣ ሱሪውን ሰብስቦ፣ እግሩን በሽቦ ከግድግዳ ጋር አያይዞ ይቀመጣል ማለት ነው። ባትሪው ካለቀ ይጮኻል፣ ለቢሮውም ሪፖርት ይሄዳል። በበጋ ቁምጣ መልበስ ያሳፍረዋል። ደውለህ ስታወራው ይህን አውቀህ አውራው።

የመሣሪያው ታሪክ ራሱ የሚያሳዝን ነው። በ1960ዎቹ እ.ኤ.አ. አሜሪካ ሃርቫርድ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ ሁለት መንትያ ወንድማማቾች፣ ራልፍና ሮበርት ሽዊትዝጌብል፣ ችግር ውስጥ የገቡ ወጣቶች የሚይዙት ቦታ አመልካች ሠሩ። ሐሳባቸው ልጁ ትምህርት ቤት ወይም ሥራ በሰዓቱ ሲደርስ አውቀው ሊያበረታቱት ነበር። ለማመስገን የተሠራ ነገር ነበር ማለት ነው። በ1983 እ.ኤ.አ. ደግሞ ጃክ ላቭ የተባለ የኒው ሜክሲኮ ዳኛ፣ ሐሳቡን ከጋዜጣ ላይ ሥዕላዊ ታሪክ አግኝቶት፣ ሰው ቤቱ ታስሮ እንዲቆይ የሚያደርግ የእግር መከታተያ አሠራና ፍርድ ላይ አዋለው። ያኛው በሬዲዮ ሞገድ የሚሠራ ነው፤ ሰውየው ቤቱ መኖር አለመኖሩን ብቻ ነው የሚያውቀው። የት እንደሄደ የሚከተለው የሳተላይቱ በኋላ ነው የመጣው። ስዊድን በ1994፣ እንግሊዝ በ1999 እ.ኤ.አ. ከእስር ቤት ቀድመው ለሚወጡ ወይም እስሩን ቤታቸው ለሚጨርሱ ሰዎች ተጠቀሙበት። እስር ቤት ከመግባት ይሻላል፣ እስማማለሁ። በአንዳንድ የአሜሪካ ግዛቶች ግን የታሰረበትን ሰው የመሣሪያውን ኪራይ ራሱን ያስከፍሉታል። ይህ ግፍ ነው።

ስለዚህ ነገር ባሰብኩ ቁጥር ቁራኛ ትዝ ይለኛል። ዱሮ በአገራችን ከሳሽና ተከሳሽ፣ ወይም ባለገንዘብና ባለዕዳ፣ ነገሩ ዳኛ ፊት እስኪያልቅ በሰንሰለት ወይም በነጠላ ጫፍ ተቆራኝተው አብረው ይሄዱ ነበር። አብረው ይበላሉ፣ አብረው ያድራሉ። በዓይነ ቁራኛ መጠበቅ የምንለው ከዚያ የቀረ ነው። ከባድ ነገር ነበር፣ ይመለስ አላልኩም። ግን አሳሪውም ታስሯል። ታሳሪው ሲያመው ያያል፣ ሲርበው አብሮት ይርበዋል፣ ጉዳዩ ቶሎ እንዲያልቅ እሱም ይቸኩላል። የዛሬው ቁራኛ የሚያስረው አንዱን ወገን ብቻ ነው። ሌላኛው ቢሮ ተቀምጦ ስክሪን ያያል፣ ወይም አያይም። ለፍርድም ይሁን ለሕክምና መከታተያ በመጣ ቁጥር እኔ መጀመሪያ የምጠይቀው በሌላው ጫፍ ማን አለ ብዬ ነው።

ለወንድምህ እንዲህ በለው። በምንም ምክንያት እንዳይቆርጠው። ከተበላሸ ወይም ያለምክንያት ከጮኸ ወዲያው ይደውል፤ የደወለበትን ቀንና ሰዓት፣ ያነጋገረውን ሰው ስም ወረቀት ላይ ይጻፍ። እግሩ ካበጠ ወይም ቆዳው ከቆሰለ ፎቶ አንስቶ ለጠበቃው ይላክ፤ በሕክምና ምክንያት እንዲነሳለት መጠየቅ ይቻላል። ኤምአርአይ የሚባል በኃይለኛ ማግኔት የሚሠራ ምርመራ ከታዘዘለት ደግሞ አስቀድሞ ለሐኪሙም ለቢሮውም ይናገር። የማይገባው ወረቀት ላይ አይፈርም፤ አስተርጓሚ ይጠይቅ።

«ከባሌ ከተለያየን ዓመት ሆነን። መትቶኝ ተከሶ በዋስ ወጥቷል። አሁን ሥራ ቦታዬ ድረስ እየመጣ ይዝትብኛል፣ በስልክም ይጽፋል። ውጭ አገር ሲጠጋሽ የሚጮህ መሣሪያ አለ ሲሉ ሰማሁ። ከየት ልግዛ?»
ከየካ አባዶ

እህቴ፣ ደብዳቤሽን ሦስት ጊዜ አነበብኩት።

የሰማሽው እውነት ነው። ስፔን ከ2009 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ትሠራበታለች። ዳኛ ሲያዝ ሰውየው ላይ የእግር ወይም የእጅ መከታተያ ይታሰራል፣ ሴትየዋ ደግሞ ስልክ የሚመስል መሣሪያ ትይዛለች። ዳኛው ከወሰነው ርቀት ሲያልፍ ሌት ተቀን የሚሠራ ማዕከል ይሰማል። ለእሷ ይደውሉላታል፣ ፖሊስ ይላካል። አየሽ፣ ሥራውን የሚሠራው የሚታሰረው ዕቃ ብቻ አይደለም። ከጀርባው ትእዛዝ የሰጠ ዳኛ፣ የማይተኛ ማዕከልና የሚደርስ ፖሊስ አለ። ዕቃውን ብቻ ከሱቅ ገዝተሽ እግሩ ላይ ልታስሪበት አትችይም፤ አንቺ ብቻሽን ይዘሽው ብትዞሪ ደግሞ ሲጮህ ማንም አይሰማሽም።

እዚህ በእጅሽ ያለው ሌላ ነገር ነው፤ እሱን አጥብቀሽ ያዢ። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 19 በዋስ መፈታት መብቱ ነው። ግን ቅድመ ሁኔታ አለው። በ1954 ዓ.ም. የወጣው የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 67 ተከሳሹ ሌላ ወንጀል ይሠራል ወይም ምስክር ያባብላል፣ ማስረጃ ያጠፋል ተብሎ ሲታመን ዋስትና ሊከለከል እንደሚችል ይላል። ቁጥር 74 ደግሞ ዋስ ከተፈቀደ በኋላ አዲስ ነገር ከመጣ ፍርድ ቤቱ ጉዳዩን እንደገና እንዲያየው ይፈቅዳል። ዛቻው አዲስ ነገር ነው። ጉዳዩን የያዘው ዓቃቤ ሕግ ዘንድ ሄደሽ እነዚህን ሁለት ቁጥሮች ጥሪለትና ፍርድ ቤቱን እንዲጠይቅልሽ ንገሪው።

ባዶ እጅሽን ግን አትሂጂ። የጻፈልሽን መልእክት አታጥፊ፣ ምንም ቢያስጠላሽ። ስክሪኑን ፎቶ አንሺና ለምታምኛት ሰው ላኪላት፤ ስልክሽን ቢቀማሽ እሷ ጋ ይኖራል። ሥራ ቦታሽ ሲመጣ ቀኑን፣ ሰዓቱን፣ ያየውን ሰው ስም ደብተር ላይ ጻፊ። የድርጅቱ ጥበቃ የመዝገብ ደብተር ካለው እዚያም ይመዝገብ። ነፃ የሕግ ድጋፍ ከኢትዮጵያ ሴት የሕግ ባለሙያዎች ማኅበር ማግኘት ትችያለሽ። ማደሪያ የሚያስፈልግሽ ደረጃ ከደረሰ የሴቶች ማረፊያና ልማት ማኅበር መጠለያ አለው። አደጋው ፊትሽ ከመጣ ወደ ፖሊስ 991 ደውዪ።

አንድ ያልጠየቅሽኝን ልጨምር። እሱስ እየተከታተለሽ ቢሆን? የምትውዪበትን ሁሉ የሚያውቅ ከመሰለሽ ስልክሽ ላይ ቦታ ማጋራት የሚባለው ክፍት መሆኑን እዪ፣ በካርታውም በቴሌግራምም። አብራችሁ በነበራችሁ ጊዜ ተከፍቶ ቀርቶ ሊሆን ይችላል። ከ2021 እ.ኤ.አ. ወዲህ ደግሞ ሳንቲም የሚያክሉ የዕቃ መፈለጊያዎች በብዛት ወጥተዋል፤ ቁልፍ እንዳይጠፋ ተብለው የተሠሩ ናቸው፣ ሰዎች ግን ሴት ለመከታተል ይጠቀሙባቸዋል። የቦርሳሽን ገበር፣ የልጆቹን የትምህርት ቤት ቦርሳ ጭምር በጣትሽ ዳብሺ። ካገኘሽ አትጣዪው። ባለበት ፎቶ አንሺና ለፖሊስ ስጪ፤ ማስረጃ ነው።

እባክሽ እንዴት እንደሆንሽ ጻፊልኝ።

«ልጄ 9 ዓመቱ ነው፣ የስኳር ሕመም አለበት፣ ኢንሱሊን ይወጋል። አክስቱ ከዱባይ ክንድ ላይ የሚለጠፍ የስኳር መለኪያ ላከችለት። 14 ቀን ይሠራል ይላል። ከእንግዲህ ጣቱን መውጋት ይቀራል?»
እናት፣ ከጀሞ

ይቀንሳል፣ አይቀርም። ያ ልጅ ከስንት መርፌ እንደሚድን ሳስብ ደስ ይለኛል፣ ግን ሦስት ነገር ልብ በዪ።

መጀመሪያ ቁጥሩን። ከውጭ የሚመጡት መለኪያዎች አንዳንዶቹ እኛ በለመድነው ሚሊ ግራም አይቆጥሩም፤ በሌላ መለኪያ ነው። 5.5 ብሎ ቢያሳይሽ ስኳሩ አለቀ ብለሽ ጁስ ታጠጪዋለሽ፤ ልጁ ግን ደህና ነው፣ ምክንያቱም ያ በእኛ 99 ማለት ነው። በ18 አባዢው። ማስተካከያው ውስጥ ገብተሽ መቀየር ከተቻለ ዛሬውኑ ቀይሪው።

ሁለተኛ፣ የተለጠፈው ነገር የሚለካው ደም ሳይሆን ከቆዳ ሥር ያለውን ፈሳሽ ነው። ስለዚህ ከደሙ ከ5 እስከ 15 ደቂቃ ሊዘገይ ይችላል። ልጁ ኳስ ሲጫወት ስኳሩ በፍጥነት ይወርዳል፣ መለኪያው ግን ገና «ደህና ነው» ይላል። ካላበው፣ ከተንቀጠቀጠ፣ ወይም ከተነጫነጨ ቁጥሩን ትተሽ ልጁን እመኚ፤ ጣቱን ወግተሽ አረጋግጪ። ሌሊት ደግሞ ክንዱ ላይ ከተኛበት ሳይወርድ ወረደ ብሎ ይጮኻል። አገላብጠሽው ትንሽ ጠብቂ። ከ70 በታች መውረዱ በጣት ከተረጋገጠ 3 የሻይ ማንኪያ ስኳር በውኃ በጥብጠሽ አጠጪው፣ ከ15 ደቂቃ በኋላ እንደገና ለኪ። ራሱን ከሳተ ግን በአፉ ምንም አትስጪው፤ ወዲያው ሐኪም ቤት።

ሦስተኛው ጩኸቱ ነው። ከዓመታት በፊት አንድ ሆስፒታል የጽኑ ሕሙማን ክፍል መሣሪያ ልጠግን ገብቼ የአንዱ ሞኒተር ድምፅ ማውጫ ላይ ነጭ ፕላስተር ተለጥፎበት አገኘሁ። ሁለት ድርብ። ነርሶቹን አልፈረድኩባቸውም። ሽቦው ላልቶ በየአምስት ደቂቃው በከንቱ ይጮህ ነበር፤ ሌሊቱን ሙሉ ለስድስት በሽተኛ ሁለት ነርስ ነበሩ። ሽቦውን ቀየርኩት፣ ፕላስተሩን ላጥኩት። ግን ፕላስተሩ ተለጥፎ በቆየባቸው ቀናት የምር ጮኾ ቢሆንስ? እስከ ዛሬ ይከነክነኛል። ስለዚህ ድምፁን አታጥፊው፤ በከንቱ የሚጮህበትን ምክንያት ፈልገሽ አስተካክዪ። ሌሊት ማን እንደሚነሳ ከባለቤትሽ ጋር ተራ ያዙ። አክስቱ ኢንተርኔት ካለ ከዱባይ ሆና ቁጥሩን ልታየው ትችላለች፤ ስኳር በጥብጣ ልታጠጣው ግን አትችልም።

አንዱ 14 ቀን ከሠራ ለዓመት 26 ያስፈልግሻል። ስለዚህ የጣት መለኪያውንና ወረቀቱን እንዳትጥዪ።

«የባለቤቴን ኦክስጅን በጣት መለኪያ ስለካ 91 አለኝ። ልጄ ኢንተርኔት አይታ ከ95 በታች አደገኛ ነው ትላለች።»
ጡረተኛ፣ ከሱሉልታ

ጌታዬ፣ ያ ኢንተርኔት ላይ ያለው ቁጥር በአብዛኛው ባሕር ጠለል ላይ ለሚኖር ሰው የተጻፈ ነው። አዲስ አበባ ከ2,300 ሜትር በላይ ናት፤ እርስዎ ያሉበት ደግሞ ከዚያም ከፍ ይላል። ከፍታ ላይ ቁጥሩ ትንሽ ዝቅ ቢል የሚጠበቅ ነው። ስለዚህ ሁላችሁም ደህና በሆናችሁበት ቀን ለኩና የየሰዉን ቁጥር ጻፉ። ከዚያ የሚታየው የወረደው ከራሱ ከሰውየው ቁጥር ስንት እንደሆነ ነው።

ሲለኩ እጃቸው ሞቅ ያለ ይሁን፤ በሱሉልታ ብርድ የቀዘቀዘ ጣት ውሸት ይናገራል። ጥፍራቸው ላይ እንሶስላ፣ ሂና ወይም ጥፍር ቀለም ካለ ያልተቀባ ጣት ይምረጡ። መሣሪያው ቀይና የማይታይ ብርሃን በጣት አሳልፎ ነው የሚያሰላው፣ ቀለም ያሳስተዋል።

አንድ ነገር ደግሞ እኛን በተለይ ይመለከታል። በ2020 እ.ኤ.አ. አሜሪካ ውስጥ የወጣ ጥናት መሣሪያው «ደህና ነው» እያለ ኦክስጅናቸው ግን የወረደ ሰዎችን ቆጠረ። ከነጮቹ 3.6 በመቶ ሲሆን ከጥቁሮቹ 11.7 በመቶ ሆኖ ተገኘ። የቆዳ ቀለም ብርሃኑን ስለሚይዘው ነው። ስለዚህ ለእኛ ሰው መለኪያው የሚሳሳተው ብዙ ጊዜ ከፍ አድርጎ በማሳየት ነው። ባለቤትዎ ትንፋሽ ካጠራቸው፣ ከንፈራቸው ከጠቆረ፣ ደረታቸውን ካመማቸው ወይም ግራ ከተጋቡ 95 ቢልም ይውሰዷቸው። ምንም ሳይሰማቸው 91 ከሆነ ሞቅ አድርገው ይድገሙት። እዚያው ከቆየ ነገ ሐኪም ይያቸው፤ ወደ 90 ወይም ከዚያ በታች ከወረደ ግን ዛሬውኑ።

«ቲቢ ተገኝቶብኛል። የቀን ሠራተኛ ነኝ፣ በየቀኑ ጤና ጣቢያ ስሄድ ሥራ ያመልጠኛል። ጓደኛዬ ክኒን የሚቆጥር ሳጥን አለ አለኝ። እውነት ነው? ይሰልለኛል?»
ከገላን

እውነት ነው፣ ሩቅም አይደለም። እዚሁ አዲስ አበባ በ10 ጤና ተቋማት 114 ታካሚዎች የተሳተፉበት ጥናት ተደርጎ በ2022 እ.ኤ.አ. ታትሟል። ግማሾቹ እንደ አንተ በየቀኑ እየሄዱ ባለሙያ ፊት ዋጡ። ሌሎቹ የ15 ቀን መድኃኒት ሳጥኑ ውስጥ ተሰጥቷቸው ቤታቸው ዋጡ፣ በ15 ቀን አንዴ ሳጥኑን ይዘው ተመለሱ። በሳጥኑ የወሰዱት አላነሱም፤ የመንገዱና የቀረው የሥራ ቀን ወጪም ቀለላቸው።

ሳጥኑ የሚመዘግበው ክዳኑ የተከፈተበትን ቀንና ሰዓት ነው። ካሜራ የለውም፣ የት እንዳለህ አይናገርም። ሰዓቱ ሲደርስ ይጮኻል፣ መብራት ያበራል። መዋጥህን ግን አያውቅም፤ ከፍተህ ብትዘጋው ዋጠ ብሎ ይጽፋል። እዚያ ላይ የሚታመነው አንተ ነህ። ሕክምናው 6 ወር ነው፣ ሳሉ ስለተወህ ብቻ ካቋረጥከው መድኃኒቱን የለመደ ቲቢ ይመጣል፣ እሱ ደግሞ ለልጆችህም ይተርፋል።

መረጃህን በተመለከተ መፍራትህ ልክ ነው። የግል ዳታ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 አለ፤ የጤና መረጃ ተለይቶ ጥብቅ ጥበቃ የሚደረግለት ነው። ማን እንደሚያየው ጠይቅ፣ አሠሪዬ ያያል ወይ ብለህ በግልጽ ጠይቅ።

ነገ ስትሄድ ለቲቢ ክፍሏ ነርስ የሥራህን ሁኔታ ሳትደብቅ ንገራት። ሳጥኑ በጤና ጣቢያህ ካለ ይሰጡሃል። ከሌለ ደግሞ ለሥራህ የሚመች ሰዓት፣ ወይም ሰፈርህ ያለች የጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኛ ፊት መዋጥ ይቻል እንደሆነ ጠይቃት። ሳጥኑን ከተረከብክ የነርሷንም ስልክ ቁጥር ተቀበል፤ ሲያስመልስህ ወይም ዓይንህ ቢጫ ሲሆን የምትደውለው ለእሷ ነው።